አሊስ ቺልድረስ፦ እምቢ ያለችው ጸሐፌ ተውኔት

በዚህ ዕትማችን ስለ አንዲት ጥቁር አሜሪካዊት እናወጋችኋለን (ዓመቶቹ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው)። አሊስ ቺልድረስ ሳውዝ ካሮላይና ተወልዳ ኒው ዮርክ፣ ሃርለም ውስጥ በአያቷ እጅ አደገች። አያቷ በመስኮት የሚያልፈውን ሰው እያሳዩ ምን እያሰበ እንደሚሄድ ገምቺ ይሏት ነበር። ሁለተኛ ደረጃን አልጨረሰችም። በሰው ቤት እየሠራች ተዋናይት ሆነች፤ በ1944 «አና ሉካስታ» በተባለው ተውኔት ብሮድዌይ ላይ ተጫወተች።

ግን ለጥቁር ሴት የሚሰጣት ቦታ ያው የገረድ ነበር። ስለዚህ በ1949 «ፍሎረንስ»ን ራሷ ጻፈች። አንድ የባቡር መጠበቂያ ክፍልና ጥቂት ወንበር ብቻ ነው የሚፈልገው፤ የድራማ ክበብ ያላችሁ ልብ በሉልን!

በ1955 «ትራብል ኢን ማይንድ» ታየ። በነጭ አዘጋጅ ሥር የምትለማመድ ጥቁር ተዋናይት ያላመነችበትን አልጫወትም ትላለች፤ ጨዋታው ይኸው ነው። ፕሮዲውሰሮች ብሮድዌይ እናስገባዋለን፣ ግን አለስልሺው አሏት። ደጋግማ አረመችው፤ በ1957 ግን በቃኝ አለች። ዕድሉም አመለጣት። በ1959 ብሮድዌይ የደረሰችው የመጀመሪያዋ ጥቁር ሴት ጸሐፌ ተውኔት ሎሬይን ሃንስበሪ ሆነች። እኛ ግን አሊስ ተሸነፈች አንልም።

በ1972 «ዌዲንግ ባንድ» የተባለ ተውኔቷን ከጆሴፍ ፓፕ ጋር አዘጋጀች። በ1973 ስለ አንድ ሱሰኛ ልጅ የጻፈችው ልቦለድም ፊልም ሲሆን የፊልም ጽሑፉን የሠራችው እሷው ናት። በ1994 አረፈች። «ትራብል ኢን ማይንድ» ብሮድዌይ የገባው በ2021 ነው።