በሰም የተላከ መልዕክት፣ በሸክላ የቀረ ድምፅ

የአፄ ምኒልክን ፎቶግራፍ ያላየ ኢትዮጵያዊ የለም ቢባል ማጋነን አይሆንም። ዳቦ ቤት ግድግዳ ላይ፣ ቲሸርት ላይ፣ ሚኒባስ መስታወት ላይ እናገኛቸዋለን። ድምፃቸውን የሰማነው ግን ስንቶቻችን ነን? ድምፃቸው መኖሩን እንኳ የማያውቅ ብዙ ነው። አለ! የእቴጌ ጣይቱም አለ። እንዴት ሊኖር እንደቻለ ለመረዳት ትንሽ ወደኋላ እንሂድ። (ዓመቶቹን በፈረንጅ አቆጣጠር እንያዛቸው።)

አሜሪካዊው ቶማስ ኤዲሰን ፎኖግራፍን የሠራው በ1877 ነበር። አሠራሩ የሚገርም ቀላል ነው። ሰው በቀንደ መለከት መሰል ቱቦ ሲናገር ድምፁ ስስ ሽፋን ያርገበግባል፤ ሽፋኑ ላይ ያለች መርፌም በሚሽከረከር ሲሊንደር ላይ ቦይ ትቆፍራለች። መርፌዋን በዚያው ቦይ መልሰው ሲያስኬዷት ድምፁ ተመልሶ ይወጣል። ኤዲሰን በመጀመሪያ ስስ የቆርቆሮ ወረቀት ተጠቀመ፤ በኋላ ግን በቆርቆሮው ቦታ ሰም ገባ። ሰም ለስላሳ ስለሆነ ድምፅን ደህና አድርጎ ይይዛል፤ ለስላሳ በመሆኑ ደግሞ በተሰማ ቁጥር ይፋቃል። አንድ ሰው የተናገረበት ሲሊንደር እንደ ብራና መጽሐፍ ነው፤ አንድ ነው፣ እሱ ከጠፋ ጠፋ።

አሁን ወደ እኛ እንምጣ። ከዓድዋ ድል በኋላ የአውሮፓ መንግሥታት ወደ አዲስ አበባ መልዕክተኛ ለመላክ ተሽቀዳደሙ። እንግሊዝ በ1897 ሬነል ሮድን ልካ ውል ተዋዋለች። በቀጣዩ ዓመት ጦሯ ሱዳን ውስጥ ወደ ካርቱም እየገሰገሰ ነበርና ምኒልክ ከመሐዲስቶች ወይም ከፈረንሳይ ጋር እንዳይወግኑባት መወዳጀት ያስፈልጋታል። በነሐሴ 1898 ንግሥት ቪክቶሪያ ለንጉሠ ነገሥቱና ለእቴጌይቱ የሰላምታ ቃል በፎኖግራፍ ቀዱ። መልዕክቱን ያደረሰው አዲስ አበባ የተሾመው የእንግሊዝ ወኪል ሃሪንግተን ነበር። ንግሥቲቱ ግን አንድ ነገር አስጠንቅቀው ነበር፤ ሲሊንደሩ ከተሰማ በኋላ እንዲጠፋ።

ይቺ ትዕዛዝ ታስገርመኛለች። ደብዳቤ ተጽፎ ማኅተም ይደረግበታል፤ መዝገብ ቤትም ይቀመጣል። ድምፅ ግን ገና ቦታው አልታወቀም። ሰነድ ነው ወይስ አካል? ምናልባት የንጉሥ ድምፅ በማንም እጅ ገብቶ እንደ አሻንጉሊት ሲጫወት ማሰቡ ለንግሥቲቱ ከብዷቸው ይሆናል።

አፄ ምኒልክና እቴጌ ጣይቱም ብዙ ሳይቆዩ በዚያው መሣሪያ መልስ ላኩ። የንግሥቲቱ ሲሊንደር እንደታዘዘው ሲጠፋ የእነርሱ መልስ ተረፈ። በ1969 ኢትዮጵያዊው የቋንቋ ምሁር አብርሃም ደሞዝ ስለዚሁ የምኒልክ መልዕክት በለንደን በሚታተም የጥናት መጽሔት ላይ ጻፉ። ሰማችሁ? የንጉሠ ነገሥታችንን ቃል ለማግኘት ወደ ለንደን ማማተር ግድ ሆነ።

የሰሙ ዘመን ግን ብዙ አልቆየም። ኤሚል በርሊነር በ1887 ያወጣው ጠፍጣፋ ሸክላ በአንድ ቅርጽ ብዙ ቅጂ ማተም አስቻለ። ከእኛ ሰው ቀድሞ የዚህ ዕድል ተጠቃሚ የሆነው ተሰማ እሸቴ ነው፤ በኋላ ነጋድራስ የተባለው፣ በቅኔው የታወቀው፣ የይድነቃቸው ተሰማ አባት። ምኒልክ በ1908 ወደ ጀርመን የላኩት ስለ መኪና እንዲማር ነበር። እሱ ግን በርሊን ላይ ቤካ ለተባለው ኩባንያ ዘፈኖቹን አስቀረፀ። ስሙ ተሰማ፣ ድምፁም ተሰማ! ከመቶ ዓመት በኋላ ዘፈኖቹ በፍራንሲስ ፋልሴቶ አዘጋጅነት ፓሪስ በሚታተመው የኢትዮፒክስ ተከታታይ 27ኛ ቅጽ ሆነው ወጡ። ልዩነቱን ልብ በሉ፦ የቪክቶሪያ ድምፅ አንድ ብቻ ነበርና በአንድ ትዕዛዝ ጠፋ፤ የተሰማ ሸክላ ተባዝቶ ነበርና አንዱ ቢሰበር ሌላው ቀረ።

ሸክላ መኖሩ ብቻውን ግን አልበቃም፤ የማተም ፈቃድም ያስፈልግ ነበር። በ1948 በወጣ አዋጅ ሸክላ የማስመጣትና የማሳተም መብት ለሀገር ፍቅር ብቻ ተሰጠ። ያንን አጥር በ1969 የጣሰው ወጣቱ ነጋዴ አምሃ እሸቴ ነው። የአለማየሁ እሸቴን ዘፈን ቀርፆ ህንድ አገር አሳትሞ አመጣው። ዛሬ "ወርቃማው ዘመን" የምንለው ሙዚቃ ያለ አምሃ ድፍረት አብዛኛው መድረክ ላይ ተዘፍኖ እዚያው በቀረ ነበር። ሁለቱም እሸቴዎች በ2021 አርፈዋል፤ ሥራቸው ግን አለ።

ስለዚህ ድምፅ የሚተርፈው ሦስት ነገር ሲገጥም ነው፦ የሚቀርፅ ሰው፣ ከአንድ በላይ ቅጂ፣ የሚያስቀምጥ ቤት። መቅረጫው ዛሬ በየኪሳችን ነው። ገፈርሳ ላይ ቆመን እናስበው። ከዚህ ግድብ ውኃ ወደ አዲስ አበባ መውረድ ከጀመረ ከሰባ ዓመት በላይ ሆኖታል። በዙሪያው ከብት ጠብቀው ያደጉ፣ የመስኩን ስም በኦሮምኛ፣ የከተማውን ወሬ በአማርኛ የሚነግሯችሁ አባቶችና እናቶች አሁንም በየግቢው አሉ። ስልካችን ግን በሠርግ ጭፈራ ተሞልቷል። በየቤቱ ደግሞ የአያት ምርቃት፣ የአጎት ፉከራ የተቀዳበት ካሴት ሻጋታ እየበላው ነው።

በቅኔያችን ሰሙ ላይ ይቀራል፣ ወርቁ ውስጥ ነው። በፎኖግራፍም እንዲሁ ሆነ። ለንደን የምኒልክን ስላስቀመጠልን እናመስግን፤ የእማማን ድምፅ ግን ለንደን አያስቀምጥልንም። እሁድ ቡና ሲፈላ ስልኩን ጠረጴዛው ላይ አስቀምጡና "እስቲ ስለ ልጅነትዎ ይንገሩኝ" በሏቸው። ሲጨርሱ ቅጂውን ለወንድም፣ ለእህት ላኩ። አንድ ብቻ አይሁን።