የስታሊን ልጅ ከአገሯ ስትወጣ

ስለ ስታሊን በታሪክ ክፍላችን ብዙ ተምረናል። ስለ ልጁ ስለ ስቬትላና ግን የሰማነው ጥቂት ስለ ሆነ፥ ለዚህ የመታሰቢያ መጽሔት ስለ እርሷ ልንጽፍ ወደድን።

ስቬትላና በ1926 በሞስኮ ተወለደች (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ ኤውሮፓ አቆጣጠር ናቸው)። ሕፃን ሳለች አባቷ በጨዋታ እርሷን አዛዥ፥ ራሱን ጸሐፊ ያደርግ ነበር፤ በወረቀት ጽፋ ያዘዘችውንም «እሺ» ብሎ ይፈርምላት ነበር። በዚያው ዘመን ያው ፊርማ ስንቱን ሰው ለሞት አሳልፎ እንደ ሰጠ ስናስብ ይዘገንነናል። በ1932 እናቷ ራሷን ገደለች፤ ለ6 ዓመቷ ልጅ የተነገራት ግን በበሽታ ሞተች ተብሎ ነው። እውነቱን ያወቀችው ከአሥር ዓመት ያህል በኋላ፥ ከእንግሊዝኛ መጽሔት ላይ ነው። የአክስቷ ባል ተረሸነ፤ አክስቷም ታሰረች። ስታሊን በ1953 ከሞተ በኋላ የአባቷን ስም ትታ በእናቷ ስም አሊሉዬቫ ተባለች። የቃሉ ምንጭ እኛም የምናውቀው «ሃሌ ሉያ» ነው።

በኋላ ብራጄሽ ሲንግ የሚባል ሕንዳዊ ኮሙኒስት ወደደች፤ መንግሥት ግን በሕግ እንዳይጋቡ ከለከላቸው። እርሱ በ1966 በሞስኮ ሲሞት፥ ዐመዱን ይዛ ወደ አገሩ እንድትሄድ ተፈቀደላት። ወደ ሞስኮ የምትመለስበት አውሮፕላን ሊነሣ ሁለት ቀን ሲቀረው፥ ማርች 6 ቀን 1967 (በእኛ የካቲት 27 ቀን 1959 ዓ.ም.) በኒው ዴልሂ ትንሽ ሻንጣ ይዛ በታክሲ ወደ አሜሪካ ኤምባሲ ሄደች። የስታሊን ልጅ ነኝ ስትላቸው ለማመን ተቸገሩ። በዚያው ሌሊት ወደ ሮም ተሳፈረች፤ ስዊስ አገር ስድስት ሳምንት ያህል ቆይታም ኤፕሪል 21 ቀን ኒው ዮርክ ገባች።

በሞስኮ ግን የ21 ዓመት ወንድ ልጇና የ16 ዓመት ሴት ልጇ ቀሩ። በዚህ ነገር እኛ ተማሪዎች ብዙ ተከራክረናል። አንዳንዶቻችን፥ በአባቷ ጥላ ሥር መኖር ሞት ስለ ሆነ ነፍሷን አዳነች አሉ። ሌሎቹ ደግሞ፥ ከእኛ በዕድሜ የምታንስ ልጅ እናቴ ትመጣለች ብላ ስትጠብቅ ስለ ቀረች ምን ትላላችሁ ብለው መለሱ። እኛ የምናደላው ወደ ሁለተኞቹ ነው፤ ይሁን እንጂ እርሷ ያደገችበት ቤት እኛ አላደግንም።

በ1984 ወደ ሶቪዬት ኅብረት ተመለሰች። ከወንድ ልጇ ጋር ተገናኘች፥ ግን አልተስማሙም። ሴት ልጇ በሩቁ በካምቻትካ የእሳተ ገሞራ ተመራማሪ ሆና ነበር፤ እናቷን ለማየት አልፈቀደችም። ስቬትላና በ1986 እንደ ገና ከአገሯ ወጣች። በ2011 በአሜሪካ፥ በዊስኮንሲን፥ የ85 ዓመት አሮጊት ሆና ስትሞት፥ ስሟ ላና ፒተርስ ነበር።