ሽለላን በሳክስፎን ያሰሙ ሰው

በባሕር ዳርም ሆነ በጣና ዙሪያ ባሉት አገሮች ከሰርግ ቤት ተቀምጣችሁ ሽለላ የሰማችሁ ሁሉ ነገሩን ታውቁታላችሁ። ሸላዩ ከተቀመጠበት ብድግ ይላል፤ ድምፁን ከላይ አንሥቶ እያንቀጠቀጠ ያወርደዋል፤ ትንፋሹ እስኪያልቅ ይዘረጋዋል እንጂ በከበሮ ምት አይታሰርም። አባቶቻችን ለጦርነት ሲነሡ ወኔያቸውን የቀሰቀሱት በዚህ ዜማ ነበር። ታዲያ አንድ ሰው ቃሉን ሁሉ አስቀርቶ ዜማውን በናስ መሣሪያ ቢያሰማው ሽለላነቱን ያጣ ይሆን? ይህን ጥያቄ በሥራቸው የመለሱት አቶ ጌታቸው መኩሪያ ናቸው።

አቶ ጌታቸው በአውሮጳ አቆጣጠር በ1935 በይፋት ተወለዱ፤ ከዚህ በታች የሚጠሩት ዓመታትም ሁሉ በዚሁ አቆጣጠር ናቸው። በመጀመሪያ የተማሩት ክራርና መሰንቆ ነበር፤ ክላርኔትና ሳክስፎን የያዙት ከዚያ በኋላ ነው። ይህ ቅደም ተከተል ቀላል ነገር አይምሰላችሁ። መሰንቆ አንድ የፈረስ ጭራ አውታር ብቻ ያላት ስትሆን የአዝማሪውን ድምፅ እግር በእግር ትከተላለች። በእርሷ የጀመረ ሰው፣ እንደ እኔ አስተያየት፣ ከማናቸውም መሣሪያ የሚፈልገው ንግግር ነው።

በ1949 ገና በልጅነታቸው ከአዲስ አበባ ማዘጋጃ ቤት የሙዚቃ ጓድ ገቡ። በ1955 ወደ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር፣ ማለት ወደ ዛሬው ብሔራዊ ቴአትር፣ በ1965 ደግሞ ወደ ፖሊስ ኦርኬስትራ ተዛወሩ።

ሳክስፎንን የፈለሰፈው አዶልፍ ሳክስ የሚባል የቤልጅግ ሰው ሲሆን፣ መብቱን በ1846 በፓሪስ አስመዘገበ። መሣሪያው ወዲያው በፈረንሳይ የወታደር ሙዚቃ ውስጥ ገባ። የሰልፍ ሙዚቃ ግን ሺውን ሰው በአንድ እርምጃ ያስኬዳል፤ ሽለላ የአንድ ጀግና የብቻው ድምፅ ነው። አቶ ጌታቸው የሰልፉን መሣሪያ ወስደው ለብቸኛው ሸላይ ሰጡት። ዜማውን እያገሡ፣ እያንቀጠቀጡ፣ ምቱን ጥለው ይነፉት ነበር፤ የአንበሳ ጎፈር ደፍተው፣ ቆዳ ለብሰው ከመድረክ የወጡበትም ጊዜ አለ።

የውጭ አገር ጸሐፊዎች ይህን ሰምተው ከአሜሪካዊው ከአልበርት አይለር ጋር አነጻጸሯቸው። ንጽጽሩ ክብር ቢመስልም ነገሩን ይገለብጠዋል። አቶ ጌታቸው ሽለላን በሳክስፎን መጫወት የጀመሩት በ1950ዎቹ፣ አይለር ገና ሸክላ ሳያስቀርጽ ነበርና።

በ1972 በፊሊፕስ ኩባንያ የወጣው ሸክላቸው የኢትዮጵያ ሳክስፎን ንጉሥ አሰኛቸው። ይኸው ሥራ በ2003 በፈረንሳይ አገር እንደገና ታተመ። በተከታዩ ዓመት «ዘ ኤክስ» የሚባለው የሆላንድ ጓድ ወደ አምስተርዳም ጋበዛቸው፤ በ2006 ከእርሱ ጋር «ሞዓ አንበሳ»ን አወጡ። ሰባ ዓመት ያለፋቸው ሽማግሌ በኤሌክትሪክ ጊታር ጩኸት መካከል ቆመው ያንኑ የድሮውን ሽለላ ይነፉ ነበር፤ ጊታሮቹም ይከተሏቸው ነበር እንጂ አይመሯቸውም።

አቶ ጌታቸው በ2016 በ81 ዓመታቸው አረፉ።