የተቈረጠው ገመድና የተሰረቀችው ጥጃ

ስለ ዲንካና ስለ ኑዌር የፍጥረት ተረት ማንበብ ስንጀምር የፈለግነው ዓለም እንዴት እንደ ተሠራ የሚናገረውን ነበር። ያገኘነው ግን ይበልጡን ስለ ረኀብ፥ ስለ ሞትና ስለ ጎረቤት የሚናገር ነው።

ጎድፍሬይ ሊንሃርት ከዲንካዎች ሰምቶ እ.ኤ.አ. በ1961 ባሳተመው መጽሐፍ እንደ ተገለጸው፥ ቀድሞ ሰማይ ለምድር ቅርብ ስለ ነበረ ሰው በገመድ ወደ ፈጣሪ ይወጣ ነበር። ለመጀመሪያዎቹ ሰዎች፥ ለጋራንግና ለአቡክ፥ በቀን አንዲት ፍሬ እህል ትበቃቸው ነበር። አቡክ ግን አብልጣ ልትወቅጥ ረጅም ዘነዘና ብታነሣ ፈጣሪን ነካችው። እርሱም ተቈጥቶ ራቀ፤ ሰማያዊ ቀለም ያላት ትንሽ ወፍ ልኮም ገመዱን አስቈረጠ። ከዚያ ወዲህ ሰው ለፍቶ ይበላል፥ ይራባል፥ ይታመማል፥ ይሞታል።

በሚሲዮን ትምህርት ቤት ያደግን ሰዎች ወዲያው ሔዋንን እናስባለን፤ ነገር ግን መቸኰል አይገባም። አቡክ የያዘችው የተከለከለ ፍሬ ሳይሆን ማንኛዋም ሴት በየዕለቱ የምትይዘው ዘነዘና ነው። ተራኪዎቹ ስስት ይሉታል፤ ለእኛ ግን ለነገ ያሰበች ሴት ትመስለናለች። እህል የሚወቀጠው ረኀብን ለማራቅ ነው፤ በተረቱ ግን ረኀብን ያመጣው ያው መውቀጥ ነው። ዲንካዎች ይህን የኑሮ እንቈቅልሽ ከሩቅ ሳይሆን ከሙቀጫው አጠገብ ጀምረው ፈቱት።

ኢቫንስ ፕሪቻርድ እ.ኤ.አ. በ1940 ያወጣው የኑዌር ተረት ሌላ ጠባይ አለው። ኑዌርና ዲንካ የፈጣሪ ልጆች ነበሩ። ፈጣሪ አሮጊቷን ላም ለዲንካ፥ ጥጃዋን ለኑዌር ሊሰጥ ተስፋ ሰጠ። ዲንካ በሌሊት ወደ በረቱ መጥቶ የኑዌርን ድምፅ አስመስሎ ጥጃዋን ወሰደ። (ያዕቆብ እንኳ ድምፁን መለወጥ አልቻለም።) ፈጣሪም መታለሉን ሲያውቅ ኑዌር የዲንካን ከብት እስከ ዘለዓለም እንዲዘርፍ አዘዘ።

እዚህ ላይ ተረቱ መከራን ማስረዳቱን ትቶ ፈቃድ ሰጪ ሆኗል። በ19ኛው መቶ ዓመት ኑዌሮች ወደ ምሥራቅ እየገፉ ብዙ የዲንካ አገር ይዘዋል፤ ታዲያ ተረቱ ዘመቻውን ወለደው ወይስ ዘመቻው ተረቱን? መልሱ ከተረቱ ብቻ አይገኝም፤ የተጠቀመ ወገን የሚተርከውን ግን እንደ ምስክር ቃል መመርመር ይገባል። ነገሩ የመጽሐፍ ጉዳይ ብቻ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ2013 መጨረሻ በጁባ ጦርነት በተነሣ ጊዜ ብዙ ሰው በዲንካነቱ ወይም በኑዌርነቱ ተገደለ፤ ብዙዎችም ወደ ጋምቤላ ተሰደዱ። ይህን የጥንት ጠብ ነው ብሎ ማለፍ ቀላል ነው፤ መነሻው ግን የመሪዎች የሥልጣን ክርክር እንጂ ጥጃ አልነበረም።

ኑዌሮችም የገመዱን ተረት ያውቃሉ። በእነርሱ ዘንድ ያረጀ ሰው በገመዱ ወጥቶ ወጣት ሆኖ ይመለስ ነበር፤ የቈረጠውም ጅብ ነው። የጥጃዋን ተረት የሚመረምር ጓደኛችን ይህንንም አብሮ ቢያነብ መልካም ነው።