አንድ ጊዜ ብቻ ያሸነፈ ቡድን

በዚህ በደብረ ታቦር እኛ ተማሪዎች ስለ ኳስ ስንከራከር ጩኸታችን ጣራ ገዳም ያሉትን መነኮሳት ሳይረብሽ አይቀርም። ባለፈው ሰሞን በመኝታ ቤታችን አንዱ ልጅ «የኢትዮጵያ የመጀመሪያው የእግር ኳስ ሻምፒዮን ማን ነው?» ብሎ ጠየቀ። ሁላችንም ባንድ አፍ «ይኸማ ምን ይጠየቃል፣ ጊዮርጊስ ነዋ!» አልን። አይደለም እኮ! በ1936 ዓ.ም. የመጀመሪያውን ሻምፒዮና ያሸነፈው የእንግሊዝ ወታደራዊ ሚሲዮን ቡድን ነው።

እንግሊዞቹ ከየት መጡ ቢባል ነገሩ ከኛው አገር አይርቅም። የደብረ ታቦር የጣሊያን ጦር እጁን የሰጠው በሰኔ 1933 ዓ.ም. መጨረሻ ሲሆን፣ ጎንደር ደግሞ ኅዳር 18 ቀን 1934 ዓ.ም. ነፃ ወጣች። አርበኛው በየተራራው አምስት ዓመት ደሙን ያፈሰሰበት ጦርነት ሲያልቅ አብሮት የተዋጋው እንግሊዝ ወዲያው ወደ አገሩ አልሄደም። ጥር 23 ቀን 1934 ዓ.ም. በተፈረመው ውል መሠረት የኢትዮጵያን ሠራዊት የሚያሠለጥን ሚሲዮን አቋቋመ። በዚያው ውል የእንግሊዝ መልእክተኛ ከሌሎች መንግሥታት መልእክተኞች ሁሉ ቀድሞ እንዲቆም ተደንግጎ ነበር። በኳሱም የቀደመው እሱ ሆነ!

በ1936ቱ ውድድር አምስት ቡድኖች ገቡ። ፎርቲቱዶ የጣሊያኖች፣ አራራት የአርመኖች፣ ኦሎምፒያኮስ የግሪኮች፣ አራተኛው የሚሲዮኑ ነበር። የአበሻ ቡድን አንድ ጊዮርጊስ ብቻ! በገዛ አገሩ ዋና ከተማ ካምስት አንድ መሆን ምን ስሜት እንደሚሰጥ አንባቢ ራሱ ይገምተው። ጊዮርጊስ የተመሠረተው በ1928 ዓ.ም. ጦርነቱ በተከፈተበት ወቅት ሲሆን፣ በወረራው ዘመን ፋሺስቶች ስሙን አስጥለው «ሊቶሪዮ ውቤ ሰፈር» አሰኝተውታል። ጥቁርና ነጭ በአንድ ሜዳ እንዳይጋጠምም ከልክለው ነበር። እንግዲህ በ1936 ጊዮርጊስ በራሱ ስም፣ ያውም ከጣሊያኖች ቡድን ጋር በእኩልነት መግባቱ ለኔ ከዋንጫው ይበልጥብኛል። ጓደኞቼ ግን «ይኸ የተሸናፊ ማጽናኛ ነው» ይሉኛል።

የሚሲዮኑ ቡድን ታሪክ አጭር ነው። ወታደር መቼም ዛሬ እዚህ፣ ነገ ታዝዞ ሌላ ቦታ ነው። ስሙ ከሻምፒዮኖች መዝገብ ላይ ያለው ይችን አንድ ጊዜ ብቻ ነው። ታኅሣሥ 10 ቀን 1937 ዓ.ም. አዲስ ውል ተፈርሞ የእንግሊዝ ቅድሚያ ቀረ፤ ሚሲዮኑም በ1943 ዓ.ም. ጠቅልሎ ወጣ። ጊዮርጊስ የመጀመሪያውን ሻምፒዮንነት ያገኘው ገና እንደ ፈረንጅ አቆጣጠር በ1950 ነው።

ከዚያ ቡድን ጎን የይድነቃቸው ተሰማን ዕድሜ ማየት ደስ ይላል። በ1914 ዓ.ም. ጅማ ተወልዶ፣ በልጅነቱ ጊዮርጊስ ገብቶ እስከ 1950 ዓ.ም. ተጫወተ። በ1954 ዓ.ም. ኢትዮጵያ የተባበረችውን ዓረብ ሪፐብሊክ፣ ማለትም ግብፅን፣ 4 ለ 2 አሸንፋ የአፍሪካን ዋንጫ ስትወስድ አሠልጣኝ ነበር። ከ1964 ዓ.ም. አንሥቶ በ1979 ዓ.ም. እስኪሞት ድረስ የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን ፕሬዚዳንት ሆኖ ሠራ።

ታዲያ አንዳንዱ «የእንግዳ ወታደር ድል የኛ ታሪክ አይደለም፣ ቁጥሩን ከራሳችን ቡድን እንጀምር» ይላል። እኔ አልስማማም። እንግሊዙን ከዝርዝሩ ብንሰርዘው በ1936 ዓ.ም. አዲስ አበባ በማን እጅ እንደነበረች ከምን እናነባለን? ጥያቄውን ያነሣው ልጅ ግን የጊዮርጊስ ደጋፊ ስለሆነ እስካሁን አኩርፎኛል።