የአረንጓዴ ኃይል አጋርነት

ግሪን ፓወር ፓርትነርሺፕ የአሜሪካ የአካባቢ ጥበቃ ኤጀንሲ በ2001 እ.ኤ.አ. የጀመረው መርሐ ግብር ነው። በአማርኛ «የአረንጓዴ ኃይል አጋርነት» ልንለው እንችላለን። ኩባንያዎች፣ ዩኒቨርሲቲዎች፣ የከተማ አስተዳደሮችና መሥሪያ ቤቶች ከሚጠቀሙበት ኤሌክትሪክ የተወሰነውን ከታዳሽ ምንጭ ለመግዛት በፈቃዳቸው ይገቡበታል። ያልገባ አይቀጣም፣ የገባም ድጎማ አያገኝም። አጋሩ በየዓመቱ የገዛውን መጠን ያሳውቃል፤ በምላሹም ሙያዊ ምክርና ይፋዊ ዕውቅና ያገኛል።

አብዛኛው ኤሌክትሪካችን ከግድብ ለሚመጣው ለእኛ ለኢትዮጵያውያን የሚገርመን፣ መርሐ ግብሩ ትልልቅ ግድቦችን አለመቁጠሩ ነው። ነፋስ፣ ፀሐይ፣ የከርሰ ምድር እንፋሎት፣ ባዮጋዝ፣ እንዲሁም በወንዙ ላይ ብዙ ጉዳት የማያደርሱ አነስተኛ የውኃ ማመንጫዎች ግን ይቆጠራሉ።

ግዢው የሚረጋገጠው በሰነድ ነው። ከነፋስ የመነጨውና ከድንጋይ ከሰል የመነጨው ኤሌክትሪክ በአንድ መስመር ስለሚቀላቀሉ ሶኬት ላይ የሚለያቸው የለም። ስለዚህ ለእያንዳንዱ 1 ሜጋዋት ሰዓት፣ ማለትም ለ1,000 ኪሎዋት ሰዓት፣ አንድ «የታዳሽ ኃይል ምስክር ወረቀት» ይወጣል። ምስክር ወረቀቱ ከኤሌክትሪኩ ተነጥሎ ሊሸጥ ይችላል። «አረንጓዴ ኃይል ተጠቀምኩ» የማለት መብት ያለው እሱን የያዘው ብቻ ነው፤ አንዴ ከተጠቀመበትም ዳግም እንዳይሸጥ ከመዝገብ ይሰረዛል።

የኮምፒውተር ቺፕ አምራቹ ኢንቴል በ2008 እ.ኤ.አ. ከ1 ቢሊዮን ኪሎዋት ሰዓት በላይ የሚሸፍን ምስክር ወረቀት ገዝቶ ከመርሐ ግብሩ አጋሮች ሁሉ ቀዳሚ ሆነ። ትልቅ ግዢ ነው። ሆኖም ከቆመ ዓመታት ካስቆጠረ የነፋስ ማመንጫ በርካሽ የተገዛ ምስክር ወረቀት አዲስ ተርባይን አያስተክልም፤ ማመንጫው ያለዚያም መሥራቱን ይቀጥል ነበር። ማመንጫው ሳይገነባ የሚፈረም የረጅም ዓመታት የግዢ ውል ግን ባለሀብቱ ባንክ ሄዶ የሚበደርበት ዋስትና ይሆነዋል። እኔ ከፍተኛውን ዋጋ የምሰጠው እንዲህ ላለው ግዢ ነው።

ጉዳዩ ዋሽንግተን ዲሲ ለሚኖሩ ወገኖቻችንም ቅርብ ነው። በከተማዋ ሕግ መሠረት ኤሌክትሪክ አቅራቢዎች የተወሰነ የፀሐይ ኃይል ድርሻ ማሟላት ስላለባቸው፣ ጣሪያ ላይ ከተተከለ ሶላር የሚወጣው ምስክር ወረቀት ጥሩ ዋጋ ያወጣል። የሸጠው ሰው ገንዘቡን ያገኛል፣ «ቤቴ በፀሐይ ኃይል ይሠራል» የማለቱ መብት ግን ወደ ገዢው ያልፋል። የቤታችሁን ወይም የቤተ ክርስቲያናችሁን ጣሪያ ለሶላር ተካይ ኩባንያ ከመፍቀዳችሁ በፊት፣ ምስክር ወረቀቱ የማን እንደሚሆን ውሉ ላይ ፈልጋችሁ አንብቡ።