ባቡርና ምክር ቤት፤ ከጃፓን ታሪክ የምናገኘው ትምህርት

ባቡርና ፋብሪካ ወደ አንድ አገር ሲገቡ የሚለውጡት መንገዱንና ገበያውን ብቻ ነውን? ወይስ አገዛዙንም ይለውጣሉ? ለዚህ ጥያቄ የጃፓን ታሪክ መልካም ምስክር ነው። (ዘመኑ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ነው።)

እስከ 1868 ዓ.ም. ድረስ ጃፓን ከ260 ለሚበልጡ መሳፍንት ተከፋፍላ፥ በሾጉን የበላይነት ትተዳደር ነበር። ገበሬው በሩዝ ይገብራል፤ ሳሙራይ የሚባለው ወታደርም ከዚያው ሩዝ ቀለቡን ይቀበላል። በዚያ ዓመት በንጉሠ ነገሥት ሜይጂ ስም የተነሡት ሰዎች መንግሥቱን ያዙ፤ በ1871 የመሳፍንቱን ግዛት ሻሩ። በ1872 ከቶክዮ እስከ ዮኮሃማ የምድር ባቡር ተከፈተ፤ በቶሚዮካም የሐር መፍተያ ፋብሪካ ሥራ ጀመረ።

ይህ ሁሉ ገንዘብ ከወዴት መጣ? አብዛኛው ከገበሬው ነው። በ1873 በወጣው ሕግ ባለመሬቱ ከመሬቱ ዋጋ ከመቶ 3 እጅ በየዓመቱ በጥሬ ገንዘብ እንዲከፍል ታዘዘ። አዝመራው ቢበላሽም ግብሩ ያው ነው። ገበሬው በ1876 ስላመፀ፥ በማግሥቱ ዓመት ግብሩ ወደ 2 ተኩል ዝቅ አለ። ሳሙራዩም ቀለቡ ቀረበት፤ ሰይፍ መታጠቅም ተከለከለ። በ1877 በሳይጎ ታካሞሪ መሪነት ቢሸፍት፥ ከተራው ሕዝብ በተመለመለው አዲስ ጦር ድል ሆነ።

በዚሁ ዘመን ሕዝቡ «ግብር የሚከፍል ሰው ሊመክርም ይገባዋል» ማለት ጀመረ። በ1889 ሕገ መንግሥት ታወጀ፤ በ1890 የመጀመሪያው ምርጫ ተደረገ። ነገር ግን የመረጡት 15 የን ግብር የሚከፍሉ ወንዶች ብቻ ስለ ነበሩ፥ ከመቶ ሰው አንዱ ያህል ነበሩ። ሐሩን የሚፈትሉት ልጃገረዶች ድምፅ አልነበራቸውም፤ ሴቶች የመምረጥ መብት ያገኙት በ1945 ነው። ጦሩም ተጠሪነቱ ለንጉሠ ነገሥቱ እንጂ ለምክር ቤቱ ስላልነበረ፥ ከ1931 ወዲህ የጦር አለቆች እየበረቱ ሄደው አገሪቱን ወደ ጥፋት መሯት።

ይህ ታሪክ እኛንም ይነካል። በ1923 ዓ.ም. በእኛ አቆጣጠር የታወጀውን የኢትዮጵያ ሕገ መንግሥት ያረቀቁት በጅሮንድ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም ብዙውን የወሰዱት ከጃፓኑ ነው። ዳሩ ግን በጃፓን ከሕጉ የቀደመው የመሬትና የግብር ለውጥ በእኛ ዘንድ ገና አልተፈጸመም ነበር፤ እንደራሴዎቹንም የሚመርጡ መኳንንትና ሹማምንት እንጂ ሕዝቡ አልነበረም።

እንግዲህ ባቡርና ፋብሪካ ሕዝቡን ከእንቅልፉ ይቀሰቅሱታል እንጂ የመናገር መብት አይሰጡትም። ስለዚህ እኛ ተማሪዎች የአንድ አገር ፋብሪካ ሲቆጠር በሰማን ጊዜ፥ «ማን ከፈለ? ማንስ መከረ?» ብለን መጠየቅን እንልመድ።